የዲላው መካኒክና መጽሐፍ የሌለው መመርመሪያ

የማወጋችሁ ስለ አንድ የዲላ መካኒክ ነው። ስሙን አልነግራችሁም፤ ከአዲስ አበባ ወደ ሞያሌ በሚወርደው አስፋልት ግራና ቀኝ፣ በዲላም በወናጎም በይርጋጨፌም፣ ጋራዥ ከፍተው ቤተሰብ የሚያስተዳድሩ ብዙዎች አሉና የእነሱን ኑሮ አሰባስቤ በአንድ ሰው ላይ አኖርሁት። ሰውየው የብዙዎች ነው፤ የማነሳቸው መሣሪያዎች፣ ሕጎችና ዓመታት ግን በእርግጥ ያሉ ናቸው።

መንገዱን የሄዳችሁበት ታውቁታላችሁ። ከአዲስ አበባ ተነስታችሁ ሞጆን ታልፋላችሁ፣ ከዚያም መቂን፣ ከዚያም ዝዋይን፣ ከዚያም ሻሸመኔን፤ ሐዋሳ ስትደርሱ ሐይቁን አይታችሁ ጥቂት ታርፉና እንደገና ትነሳላችሁ፤ ከአፖስቶ ወዲያ አገሩ መልኩን ይለውጣል፣ አየሩ ይረጥባል፣ እንሰቱ እስከ አስፋልቱ ጠርዝ ድረስ ይመጣል፣ ከእንሰቱ ጥግ ቡናው፣ ከቡናው በላይ ዋንዛውና ብርብራው ጥላቸውን ዘርግተው ይቆማሉ። ይህን የጌዴኦ ምድር ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2023 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል። እናም ወደ 360 ኪሎ ሜትር ያህል ከተጓዛችሁ በኋላ ዲላ ትገባላችሁ፤ በጥቅምትና በኅዳር ከገባችሁ ደግሞ ቀይ እሸት ቡና የጫኑ አይሱዙዎች ከየገጠሩ መንገድ ጭቃ ለብሰው ሲወጡ፣ ወደ ማጠቢያ ጣቢያው ሳይመሽ ለመድረስ ሲጣደፉ ታያላችሁ፤ እሸት ቡና አይጠብቅምና መኪናም መንገድ ላይ መቆም የለበትም። የመካኒክ ሥራ በዚያ አገር የሚከብደው ለዚህ ነው።

መካኒካችን ሙያውን የተማረው በጆሮው ነበር። ልጅ ሳለ፣ ፊያት ኤን ትሬዎቹ ቡና ጭነው ወደ አዲስ አበባ በሚወጡበት ዘመን፣ ከአንድ አረጋዊ መካኒክ ሥር ረዳት ሆኖ ገባ፤ መፍቻ አቀበለ፣ በናፍጣ ዕቃ አጠበ፣ ከመኪና ሥር ካርቶን አንጥፎ ተኛ፤ ከዚያም ፍሪሲዮን ማውረድ ለመደ፣ ከዚያም ካምቢዮ መፍታት፣ ከዚያም ባሌስትራ መቀየር፤ ከዚያም አንድ ቀን አረጋዊው ጠርተው ከሞተሩ አጠገብ አቆሙትና፣ «ዓይንህን ጨፍንና ስማው፤ የቱ ሲሊንደር ነው የተኛው?» አሉት። ትክክለኛውን ጠቆመ። አረጋዊው ምንም አልተናገሩም፤ እጃቸውን ጠርገው ትከሻውን መታ አደረጉት፤ ከዚያን ቀን ጀምሮ መካኒክ ሆነ።

ታዲያ ዘመኑ አልቆመለትም። ሞተር ድምፁ ብቻውን የማይናገርበት ጊዜ መጣ፤ ዳሽቦርዱ ላይ ቢጫ መብራት የሚያበሩ፣ በውስጣቸው ኮምፒውተር ያላቸው መኪኖች መጡ። መጀመሪያ የመጡትን በብልሃት ያዛቸው። በዚያ ዘመን የተሠሩ ብዙዎቹ ቶዮታዎች ኮፈናቸው ሲከፈት ክዳን ያላት ትንሽ ሳጥን አለቻቸው፤ በውስጧ ቲኢ1 እና ኢ1 የሚባሉ ሁለት ቀዳዳዎች አሉ፤ ሁለቱን በአጭር ሽቦ አገናኝታችሁ፣ ሞተሩን ሳታስነሱ ቁልፉን ብቻ ስትከፍቱ የቼክ ኢንጂን መብራቱ ብልጭ ብልጭ ማለት ይጀምራል፤ የመጀመሪያውን ብልጭታ ትቆጥራላችሁ፣ ጥቂት ይቆማል፣ ሁለተኛውን ትቆጥራላችሁ፣ ሁለት አኃዝ ያለው ቁጥር ይወጣል። ያ ቁጥር የጥፋቱ ስም ነው። መካኒካችን ይህን ከሌላ መካኒክ ቃል በቃል ተቀበለ፣ ለረዳቶቹም ቃል በቃል አስተላለፈ፤ መሸትሸት ሲል በጋራዡ ውስጥ ሁለትና ሦስት ወጣቶች አንገታቸውን አስግገው በአንድ ድምፅ ብልጭታ ሲቆጥሩ ማየት ደስ ይል ነበር።

ከዚያም ሌላ ነገር መጣ። አሜሪካ እ.ኤ.አ. ከ1996 ሞዴል ጀምሮ በአገሯ የሚሸጥ የቤት መኪና ሁሉ ባለ 16 ፒን አንድ ዓይነት ሶኬት እንዲኖረው፣ የጥፋት ቁጥሩንም በአንድ ዓይነት ቋንቋ እንዲናገር አስገደደች፤ አውሮፓም ለአዳዲስ የቤንዚን መኪኖች እ.ኤ.አ. ከ2001 ጀምሮ እንዲሁ አደረገች። እነዚያ መኪኖች አርጅተው ወደ እኛ አገር ሲመጡ ሶኬቱም አብሮ መጣ፤ መካኒካችን ከመሪው ሥር ጎንበስ ብሎ አየው፤ የሚሰካበት ዕቃ ግን አልነበረውም።

ዕቃው በመጨረሻ ከሩቅ መጣለት። አሜሪካ የሚኖር የወንድሙ ልጅ ጡረታ ከወጣ መካኒክ ላይ የገዛውን ስካነር በልብስ መሃል ጠቅልሎ ይዞለት መጣ። ስናፕ ኦን የሚባለው የአሜሪካ ኩባንያ የሠራው ኤምቲ2500 ነበር፤ የሙያው ሰዎች ያውቁታል፤ ቀይ፣ ከበድ ያለ፣ አራት መስመር ጽሑፍ ብቻ የምታሳይ ስክሪን ያለው፣ በአውራ ጣት የሚዞር ጎማና «አዎ» እና «አይ» የሚባልባቸው ሁለት ቁልፎች ያሉት፣ በካርትሪጅ የሚሠራ መሣሪያ። በአሜሪካ ጋራዦች ለብዙ ዓመታት የታመነ ነበር። ከመሣሪያው ጋር ኬብሎች ነበሩ፣ አስማሚ ሶኬቶች ነበሩ፣ በትንሽ ከረጢት ውስጥም ቁጥር የተጻፈባቸው ጥቃቅን የፕላስቲክ መሰኪያዎች ነበሩ። መጽሐፉ ግን አልነበረም። መካኒካችንም ኬብሉን አወቀው፣ ሶኬቱን አወቀው፤ ጥቃቅኖቹን መሰኪያዎች ግን ምን እንደሆኑ የሚነግረው ስላጣ ከረጢታቸውን አስሮ መሳቢያ ውስጥ አኖራቸው።

ወገኖቼ፣ ያ መሣሪያ ሳይሠራ ብዙ ጊዜ ተቀመጠ።

እንግዲህ በአንድ የጥቅምት ጠዋት፣ ሌሊቱን ሲዘንብ አድሮ አስፋልቱ ገና ሳይደርቅ፣ አንድ መምህር ከወናጎ አሮጌ የአውሮፓ ኮሮላውን እየነዳ መጣ። መኪናው በሚኒሞ ይንቀጠቀጣል፣ ዳገት ላይ ጉልበት ያጣል፣ ቢጫው መብራት አይጠፋም። መምህሩ ከዚህ በፊት ካንዴላ አስቀይሯል፣ ከአዲስ አበባ ሶማሌ ተራ ሴንሰር አስመጥቶ አስገጥሟል፣ ለውጥ የለም፤ አሁን ደግሞ የቤንዚን ፓምፑ ነው ያሉት አሉ። ፓምፑ የአንድ መምህር ደመወዝ የሚችለው ዕቃ አይደለም። «ጋሼ፣ ገምቱና ንገሩኝ አልልዎትም፤ ግምትማ ጠገብኩ፤ በእርግጥ የሚታወቅበት መንገድ የለም ወይ?» አለ። መካኒካችን ቀዩን ስካነር ከመደርደሪያው አወረደ፣ አቧራውን ጠረገ፣ ሰካው፤ ስክሪኑ በራ፣ ጠየቀ፣ መለሰለት፣ እንደገና ጠየቀ፤ ከዚያም አንድ ነገር አገናኝ አለውና ቆመ። የሚገናኘው ምን እንደሆነ አላወቀም። መምህሩን ሌላ ቀን እንዲመለስ ለመነው።

በዚያው ሳምንት ከአዲስ አበባ ዕቃ ይዞ የሚመላለስ አንድ ወጣት ጋራዡ ጎራ አለ። ጨዋታ ሲያነሱ ነገሩን ሰማ፤ ኪሱን ዳሰሰና ፍላሽ አወጣ። «ጋሼ፣ እዚህ ውስጥ የሌለ ማኑዋል የለም፤ የቶዮታው፣ የአይሱዙው፣ የስካነሩም ሁሉ፤ ሶፍትዌሩም ተሰብሮ አብሮ አለ፤ ቡና የሚጠጡበትን ያህል ይስጡኝና ይውሰዱት» አለ። ወጣቱ ክፉ አልነበረም፤ ኑሮ የገፋው ልጅ ነው፤ መካኒካችንም አልተቆጣውም። «ልጄ፣ ይህን የጻፉት ሰዎች ሰጡህ?» አለው። «ጋሼ፣ እነሱማ ፈረንጆች ናቸው፣ መቼ ያውቃሉ?» መካኒካችን ጥቂት ዝም አለና፣ «የእኛንም ነገር እንዲሁ ነበር የሚሉት» አለው። ሻይ አስመጣለት፣ ሻዩንም አጠጣው፣ ፍላሹን ግን መለሰለት።

ይህን መልስ እንድትረዱት ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። የመካኒካችን አባት ከይርጋጨፌ ወጣ ብሎ በኮረብታው ላይ ቡና ነበራቸው፤ ቀይ እሸት እየለቀሙ ለማጠቢያ ጣቢያ ያስረክቡ ነበር። የይርጋጨፌ ስም በባሕር ማዶ ሱቆች በወርቅ ቀለም ሲጻፍ፣ ቡናውም በውድ ሲሸጥ፣ የሚለቅሙት ሰዎች ግን ከዚያ ስም የሚደርሳቸው ጥቂት ነበር። እ.ኤ.አ. በ2005 ኢትዮጵያ በአእምሯዊ ንብረት ጽሕፈት ቤቷ በኩል ይርጋጨፌ፣ ሲዳሞና ሐረር የሚሉት ስሞች በአሜሪካ የንግድ ምልክት ሆነው እንዲመዘገቡላት አመለከተች። የአሜሪካ ብሔራዊ የቡና ማኅበር ተቃወመ፤ ከአሜሪካው የቡና ኩባንያ ከስታርባክስ ጋርም ክርክር ተነሣ፤ ጽሕፈት ቤቱን ይመሩ የነበሩት ጌታቸው መንግሥቴ ጉዳዩን ይዘው ጸኑ፣ የእርዳታ ድርጅቱ ኦክስፋምም ዘመቻ ከፈተ፣ በየአገሩ ያሉ ቡና ጠጪዎችም ድምፃቸውን አሰሙ፤ እ.ኤ.አ. በ2006 ይርጋጨፌ በአሜሪካ ተመዘገበ፣ በ2007 ደግሞ ከስታርባክስ ጋር ስምምነት ተፈረመ። በዚያ ሰሞን በዲላ ቡና ቤቶች ሬዲዮ ሲከፈት ሰው ስኒውን አስቀምጦ ያዳምጥ ነበር። ክርክሩ ስለ ገንዘብ ብቻ አልነበረም፤ ሥራችንንና ስማችንን ሳትጠይቁን አትውሰዱ ማለት ነበር።

እንግዲህ ይህን የጠየቀ አገር ልጅ የሌላውን ሰው ሥራ ሳይጠይቅ ሊወስድ እንዴት ይችላል? እኔም ከእሱ ጋር ነኝ። የእኛን መብት ያስከበረውም፣ የመጻሕፍትን የቅጂ መብት የሚጠብቀውም ያው መሥሪያ ቤት ነው። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 በዲላም በአዲስ አበባም አንድ ነው፤ ማኑዋል የጻፈው ሰው መብት አለው፤ ለግል መገልገያ አንድ ቅጂ ለሚያወጣ ሰው ጠባብ በር ተትቷል፤ አብዝቶ ለሚሸጥ ግን በሩ ዝግ ነው። ነገር ግን ያው አዋጅ ለመካኒኮች ትልቅ ነገር አስቀምጧል፣ እሱንም ጆሯችሁን ሰጥታችሁ ስሙኝ፦ ሐሳብ፣ የአሠራር ዘዴ፣ ቀመር፣ የቁጥር ሰንጠረዥና ተራ መረጃ በጽሑፍ ውስጥ ቢገለጹም እንኳ የማንም ብቸኛ ንብረት አይደሉም። የጽሑፉ አነጋገርና ሥዕሉ የጸሐፊው ነው፤ «ይህ ቁጥር ይህን ጥፋት ያመለክታል» የሚለው እውነት ግን የሁሉም ነው። የሠራችሁትን፣ የለካችሁትን፣ ያያችሁትን በራሳችሁ ቃል ብትጽፉ ማንም አይከለክላችሁም። በየጋራዡ በዘይት የጠቆሩት ደብተሮች ሁሉ በሕግ ጥላ ሥር ናቸው፤ ይህን ያልተረዱ ብዙ ጥሩ መካኒኮች አሉና ነው የምነግራችሁ።

ወደ ነገራችን እንመለስ። መካኒካችን በዲላ ዩኒቨርሲቲ የምትማር ሴት ልጅ አለችው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ጋራዡ መጣችና ስካነሩን በእጇ ያዘችው፣ ገለበጠችው፣ ጀርባው ላይ ያለውን ወረቀት በእርጥብ ጨርቅ ጠረገችው። «አባዬ፣ መጀመሪያ ስሙን በትክክል እናውቀው» አለች። ደብተር አወጣች፤ ሞዴሉን ጻፈች፣ ሴሪያል ቁጥሩን ጻፈች፤ ከዚያም ካርትሪጁን አውጥታ በላዩ ያለውን ጽሑፍና ዓመቱን ገለበጠች፤ ከዚያም መሣሪያውን ከባትሪ ጋር አገናኝታ ሲነሣ በስክሪኑ የሚያሳየውን የሶፍትዌር ቁጥር ጻፈች፤ መጽሐፉ ለሞዴሉ ትክክል ሆኖ ለሶፍትዌሩ ግን የማይሆንበት ጊዜ አለና። ይህን ሳያደርጉ ፍለጋ የሚጀምሩ ሰዎች የሌላ መሣሪያ መጽሐፍ ይዘው ወር ሙሉ ሲደክሙ ይታያሉ።

ከዚያም ልጅቱ በስልኳ በቀጥታ ወደ አምራቹ ገጽ ሄደች። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማይጠረጥረውን ልንገራችሁ፦ ስናፕ ኦን የመመርመሪያ መሣሪያዎቹን የአጠቃቀም መመሪያዎች፣ መሸጥ ያቆማቸውን ጭምር፣ ማንም ያለ ክፍያ እንዲያወርዳቸው በራሱ ገጽ ላይ ያስቀምጣል። ላውንችና አውቴል የተባሉት የሸንዘን ኩባንያዎችም የመሣሪያዎቻቸውን መመሪያ በየገጻቸው ይሰጣሉ። የመሣሪያው መመሪያ ለአምራቹ የሚሸጥ ዕቃ አይደለም፤ ዕቃውን የገዛ ሰው እንዲጠቀምበት የተጻፈ ነው፤ ስለዚህ በሩ ብዙ ጊዜ ክፍት ነው፤ ሰው በጓሮ ዞሮ የሚሄደው የፊቱ በር የተዘጋ እየመሰለው ነው።

ልጅቱ አገኘችው። ማውረድ ጀመረች፣ መብራት ጠፋ፤ መብራት መጣ፣ ኔትወርኩ ደከመ፤ ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲመታ አባትና ልጅ ከአንድ ወንበር ላይ ተጠጋግተው የምትንቀሳቀሰውን መስመር ተመለከቱ፤ እናትየው ቆሎ አመጣችላቸው፣ ቡናም አፈላችላቸው፣ እነሱ ግን ዓይናቸውን አላነሡም፤ እኩለ ሌሊት ሊሆን ሲል መጽሐፉ ሙሉ በሙሉ ገባ። በማግሥቱ አንድ ቅጂ አሳተሙና ጋራዡ ውስጥ አስቀመጡት፤ ከዚያም እሷ እያነበበች ትተረጉምለታለች፣ እሱ ይሰማል፣ መሣሪያውን በእጁ ይዞ ይከተላል። መሳቢያ ውስጥ ስለተረሱት ጥቃቅን መሰኪያዎች ከሚናገረው ገጽ ሲደርሱ መካኒካችን ተነሣ፤ ከረጢቱን አመጣ፣ ፈታው፤ እያንዳንዱ መሰኪያ የሶኬቱን ሽቦዎች ለተለያየ መኪና የሚያስተካክል እንደሆነ፣ በላዩ የተጻፈው ቁጥርም ስክሪኑ የሚጠይቀው ቁጥር እንደሆነ ገባው። አንድ በአንድ በጠረጴዛው ላይ ደረደራቸው። «ይህን ሁሉ ጊዜ እዚህ ነበሩ» አለ።

መምህሩ ኮሮላውን ይዞ ተመለሰ። መካኒካችን ሶኬቱን ሰካ፣ የተጠየቀውን መሰኪያ አስገባ፣ ለሁሉም መኪና የጋራ የሆነውን ምርመራ መረጠ፤ መሣሪያው አሰበና ተናገረ፦ ፒ0171። ይህ ቁጥር ሞተሩ ከሚገባው በላይ አየር እያገኘ ቤንዚኑ እየሳሳበት ነው ማለት ነው፤ ትርጉሙ በየመኪናው አይለያይም፣ ዓለም አቀፍ ስምምነት ነው። ቁጥሩ ግን የትኛው ዕቃ እንደተበላሸ አይናገርም፤ ፓምፑ ሊሆን ይችላል፣ ሴንሰሩ ሊሆን ይችላል፣ የአየር ቀዳዳም ሊሆን ይችላል። ታዲያ መጽሐፉ የሞተሩን ሕያው ቁጥሮች እንዴት እንደሚያዩ ያስተምር ነበርና መካኒካችን የጎማዋን ቁልፍ በአውራ ጣቱ አዞረ፤ ኮምፒውተሩ ለማካካስ ምን ያህል ቤንዚን እየጨመረ እንደሆነ አየ። በሚኒሞ ጭማሪው ብዙ ነው። ጋዝ ሲሰጠው ይቀንሳል። ፓምፕ ቢደክም ኖሮ ጋዝ ሲሰጠው ይብስ ነበር። መካኒካችን ቀና አለ፣ ኮፈኑን ከፈተ፣ ከአየር ማጣሪያው ወደ ሞተሩ የሚሄደውን የጎማ ቱቦ በሁለት እጁ ይዞ አጠፈው፤ ከእጥፋቱ ሥር፣ ከላይ የማይታይ፣ ጣት የሚያስገባ ስንጥቅ ነበር።

ቱቦው ተቀየረ፣ መብራቱ ጠፋ፣ መምህሩ ፓምፑን ሳይገዛ ወደ ወናጎ ተመለሰ። እግረ መንገዴን አንድ ነገር ልበል፦ ያን ስንጥቅ ያገኘው ያ በጆሮና በእጅ የተማረው ሙያ ነው፤ መሣሪያው ወዴት እንደሚመለከት ብቻ አሳየው። ሽማግሌው መካኒክ ያስተማሩት አልጠፋም።

አሁን ደግሞ ጉዳዩ ወደሚከብድበት ልውሰዳችሁ፤ ሁሉም መጽሐፍ እንዲህ በቀላሉ አይገኝም። መካኒካችን ሌላ አሮጌ መመርመሪያ ነበረው፤ የሠራው ኩባንያ ስሙ ከገበያ ከጠፋ ቆይቷል፤ ገጹ የለም፣ አድራሻው የለም። እንዲህ ያለ ነገር በዚህ ሙያ ብዙ ነው። በቀድሞ ዘመን ትልልቅ የሞተር መመርመሪያዎችን ይሠራ የነበረውን ሰን ኤሌክትሪክን ስናፕ ኦን በ1992 ገዛው፤ ለትልልቅ የመኪና አምራቾች ስካነር ይሠራ የነበረውን የካሊፎርኒያውን ቬትሮኒክስን ቦሽ በ2003 ወሰደው፤ ኦቲሲ የሚባለውም ስም በ2012 ወደ ቦሽ ገባ፤ በየቦታው በርካሽ ተቀድቶ የሚሸጠውን የኢኤልኤም327 ቺፕ የፈጠረው የካናዳው ኤልም ኤሌክትሮኒክስ ደግሞ በ2022 ሥራውን አቆመ። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ጓሮ ሲወረስ እንሰቱም አብሮ እንደሚወረስ፣ ኩባንያ ሲሸጥ የመጽሐፉም መብት አብሮ ይሄዳል፤ የጠፋ መጽሐፍ የሚፈልግ ሰው ወራሹን ማግኘት አለበት።

ወራሹን ለማግኘት ልጅቱ ኢንተርኔት አርካይቭን ተጠቀመች። ዌይባክ ማሽን የሚባለው የእሱ ክፍል የጠፉ ገጾችን በየዘመናቸው መልክ አስቀምጦ ያሳያል፤ የሞተው ኩባንያ ገጽ ከዓመታት በፊት ምን ይመስል እንደነበረ፣ መጽሐፉ ምን ተብሎ ይጠራ እንደነበረ፣ የራሱ የኅትመት ቁጥር ስንት እንደነበረ እዚያ ይገኛል። እዚያው አርካይቭ ላይ ሰዎች የጫኗቸው ብዙ ማኑዋሎችም አሉ፤ ልጅቱ እነሱን ከመውሰዷ በፊት ማን እንደጫናቸውና በማን ፈቃድ እንደሆነ ትመለከት ነበር፤ አምራቹ ራሱ ያስቀመጠውና አንድ የማይታወቅ ሰው ያስቀመጠው እኩል አይደሉምና። የወረቀቱን መጽሐፍ አሮጌ ዕቃ ከሚሸጥ ሰው ገዝቶ መያዝም አንዱ ቀጥተኛ መንገድ ነው፤ አሮጌ መሣሪያ የምትገዙ ወገኖቼ፣ ከመክፈላችሁ በፊት «ሳጥኑስ? መጽሐፉስ?» በሉ፤ የሻጩ ቤት ጥግ ወድቆ ይሆናል።

ከመሣሪያው መመሪያ የተለየ ደግሞ የመኪናው የጥገና መጽሐፍ አለ፤ ያኛው በክፍያ ነው። የአሜሪካዋ የማሳቹሴትስ ግዛት ሕዝብ እ.ኤ.አ. በ2012 በድምፁ ከመቶ ከ80 በላይ ሆኖ አምራቾች ለነጻ ጋራዦች መረጃ እንዲሸጡ አስወሰነ፤ የአውሮፓ ኅብረትም በ2007 ባወጣው ደንብ ይህንኑ አዟል፤ ቶዮታም ሌሎቹም በየገጻቸው ለአጭር ጊዜም ለዓመትም ይሸጣሉ። ለዲላ መካኒክ ችግሩ በውጭ ምንዛሪ የሚከፍል ካርድ ማግኘቱ ነው። ይህን የቴክኒክና ሙያ ኮሌጆችና የመካኒኮች ማኅበራት በጋራ ቢያስቡበት ምንኛ በጎ ነበር፤ አንድ ጋራዥ የማይችለውን አንድ ቤተ መጻሕፍት ይችለዋል።

ሠሪው ለጠፋው ለዚያ አሮጌ መመርመሪያ አባትና ልጅ ላገኙት ወራሽ ኩባንያ ደብዳቤ ጻፉ። አጭር ነበር፦ እኛ በኢትዮጵያ፣ በዲላ ከተማ ጋራዥ አለን፤ ይህን ሞዴል፣ በዚህ ሴሪያል ቁጥር፣ በዚህ ሶፍትዌር በእጃችን ይዘናል፤ የመመሪያው ስምና የኅትመት ቁጥሩ ይህ ነው፤ አሁን አትሸጡትም፤ ቅጂውን ብትልኩልን ወይም ካለበት ገልብጠን ለጋራዣችን እንድንጠቀም ብትፈቅዱልን እናመሰግናለን። የመሣሪያውን ፎቶ አያያዙበት። ከዚያም ጠበቁ። ቡናው ተለቀመ፣ ታጠበ፣ በአልጋው ላይ ደረቀ፤ በጋው ገባ፤ መልስ አልመጣም። መካኒካችን ተስፋ ሳይቆርጥ ሁለተኛ ደብዳቤ አስጻፈ፤ ልጅቱም በትሕትና ጻፈችው። መልሱ የበልጉ ዝናብ ሲጀምር መጣ፤ መጽሐፉ አብሮ ተያይዟል፤ ለራሳችሁ ሥራ ተጠቀሙበት፣ አትሽጡት የሚል ቃልም አለበት።

ወሬው በመንገዱ ላይ ወረደ። አንድ ቀን ከጨለለቅቱ ከተማ አንድ ባልንጀራው መካኒክ፣ ያንኑ አሮጌ መሣሪያ በከረጢት አንጠልጥሎ፣ በአውቶቡስ መጣ። «ወንድሜ፣ መጽሐፉን አግኝተሃል አሉኝ፤ አንዱን አባዛልኝ፤ ወጪውን እኔ እችላለሁ» አለ። መካኒካችን አስቀመጠው፣ ውሃ ሰጠው፣ ምሳ አበላው። ከዚያም ደብተሩን አመጣ፤ ያን መሣሪያ ሲሠራበት ያየውን፣ የትኛው ኬብል ከየትኛው መኪና ጋር እንደሚሄድ፣ ስክሪኑ ሲቆም ምን እንደሚደረግ በራሱ ቃልና በራሱ እጅ የጻፈውን አሳየው፤ «ይህ የእኔ ነው፤ የፈለግኸውን ያህል ገልብጥ» አለው። መጽሐፉን ግን አላባዛለትም። «ለእኔ የሰጡት ለእኔ ብለው ነው፤ ላንተም ይሰጡሃል፤ መጠየቅ ነው» አለና ልጁን ጠራት። ልጅቱ ወረቀት አወጣች፤ ባልንጀራው መሣሪያውን ከከረጢቱ አውጥቶ ገለበጠው፤ እሱ ቁጥሮቹን አንድ በአንድ እየጠራ፣ እሷ እየጻፈች፣ መካኒካችን ደግሞ ከጎን ሆኖ እያመሳከረ፣ ሦስተኛው ደብዳቤ በዚያው ዕለት ከሰዓት በኋላ ተላከ።